ድማሚትና የሊማሊሞ መንገድ
ከጎንደር ወደ ደባርቅ የሚያመራ መንገደኛ ኮሶዬ ላይ ቆሞ ቁልቁል የተዘረጋውን ሸለቆ ሲመለከት የፈጣሪን ግብር ያደንቃል፤ ከደባርቅ ወዲያ ያለውን የሊማሊሞን ገደል ከፍሎ መንገድ ያወጣው ግን፥ በጣልያን ወረራ ዘመን የተበሳው ዓለት የጎረሰው ድማሚት ነው። ያው ኃይል ጦርነት በመጣ ጊዜ ወደ ጥፋት ተመልሶ፥ በሊማሊሞ አናት የነበረው የጣልያን ምሽግ በመስከረም፥ ጎንደርም ኅዳር 18 ቀን 1934 ዓ.ም. እስኪለቀቁ ድረስ የወገንን ደም አፈሰሰ። ሠራዊት እጁን ቢሰጥም የተቀበረ ፈንጂ ዕርቅ አያውቅምና፥ ዘመን ተሻግሮ እረኛንና ገበሬን ይቀጥፋል። ስለዚህ ወላጆችና መምህራን ሆይ፥ በማሳ ባዕድ ብረት ያየ ልጅ ሳይነካና ድንጋይ ሳይወረውርበት፥ በመጣበት ዱካ ተመልሶ ለፖሊስ እንዲያመለክት አስተምሩ።