ስለ አዲስ አበባ አዳዲስ ሕንጻዎችና ስለ ነገሌ ቦረና የውኃ ጉድጓድ

ይህችን አጭር ጽሑፍ ለማዘጋጀት ያነሣሣን የግማሽ ቀን ጉብኝት ነው። እኛ ጸሐፊዎቹ አራት ተማሪዎች ስንሆን፥ ሁለታችን በነገሌ ቦረና፥ አንዳችን በያቤሎ፥ አንዳችን ደግሞ በሞያሌ ተወልደን ያደግን ነን። በዕረፍት ጊዜያችን ገንዘብ አዋጥተን፥ የአዲስ አበባን ዘመናዊ ሕንጻዎች የሚያሳዩን አንድ የግል አስጎብኚ ቀጠርን። በተለይ ለማየት የፈለግነው ከጠላት ወረራ በኋላ እስከ 1966 ዓ.ም. ድረስ የተሠሩትን ነበር። አስጎብኚያችን በዕድሜ የገፉና ሥራቸውን ጠንቅቀው የሚያውቁ ሰው ስለ ሆኑ ጋሼ እያልን ነበር የምንጠራቸው፤ በዚህ ጽሑፍም እንዲሁ እንላቸዋለን። ዘመኑን ሁሉ የጻፍነው በኢትዮጵያ አቆጣጠር ነው።

ጉብኝቱን የጀመርነው ከማዘጋጃ ቤቱ ነው። በቸርችል ጎዳና ራስጌ፥ በኮረብታው ላይ የተቀመጠው ይህ ሕንጻ የኢጣልያዊው አርቱሮ መዘዲሚ ሥራ ነው። መዘዲሚ በወጣትነቱ ወደ አሥመራ መጥቶ በዚያ ብዙ የሠራ ሰው ሲሆን፥ ኋላ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ለዋና ከተማቸው ትላልቅ ሥራዎች መርጠውታል። ጋሼ መጀመሪያ ወደ ሕንጻው አላስገቡንም። ከጎዳናው ዝቅ ብለን ቆመን ሽቅብ እንድንመለከት አደረጉን፤ የሰዓቱ ማማ ለሚመጣው ሰው ሁሉ ከሩቅ እንዲታይ ታስቦ የተሠራ መሆኑን ለማስረዳት ነው። ይህ ትምህርታቸው ቀኑን ሙሉ ጠቀመን። ከዚያ በኋላ በየደረስንበት ሕንጻ ሁሉ፥ ይህ እንዲታይ የተሠራው ለማን ነው ብለን መጠየቅ ጀመርን።

ቁልቁል ወርደን ከብሔራዊ ቴአትር ደረስን። ቦታው ላይ ኢጣልያኖች ለሲኒማ የጀመሩት ሕንጻ ነበረ፤ የፈረንሳዩ አርክቴክት ሄንሪ ሾሜት ንድፉን ለውጦና አስፍቶ፥ በ1948 ዓ.ም. የንጉሠ ነገሥቱ የዘውድ በዓል 25ኛ ዓመት ሲከበር ተከፈተ። ከፊቱ የቆመው የድንጋይ አንበሳም የዚያው በዓል መታሰቢያ ሲሆን የሞሪስ ካልካ ሥራ ነው። ከቴአትሩ ባሻገር ያለው ክቡ የንግድ ባንክ አዳራሽ እንደ ገና የሾሜት ነው። ባንክ ከመሆኑ በፊት ትልቅ ጎጆ ይመስላል ብሎ አንደኛው ጓደኛችን ቀለደ፤ ጋሼ ግን ቀልዱን በቁም ነገር ተቀብለው፥ ብዙ ሰው እንዲሁ ይላል አሉ። ዛሬ ከአጠገቡ በ2014 ዓ.ም. የተመረቀው የባንኩ አዲስ ፎቅ 209 ሜትር ወደ ላይ ወጥቶ ክቡን አዳራሽ እንደ ማሰሮ ክዳን አሳንሶታል። ስለ ፎቁ ብዙ ተነግሮናል፤ ከጥናታችን ዘመን ውጭ ስለ ሆነ ግን እናልፈዋለን።

ከባንኩ ወደ አፍሪካ አዳራሽ ስንሄድ ፍል ውኃ በመንገዳችን ላይ ነበረ። ጋሼ፥ ይህ የመታጠቢያ ቤት ነው ብለው ሊያልፉት ሲሉ፥ ከነገሌ ልጆች አንዱ እባክዎ ጋሼ ጥቂት እንቁም ብሎ ለመናቸው። ስለዚህ ቆምን። ሕንጻው በ1950ዎቹ የተሠራ ሲሆን፥ ነዳፊዎቹ እስራኤላዊው ዛልማን ኤናቭና ኢትዮጵያዊው ሚካኤል ቴድሮስ ናቸው። በዚያ ቀን ከሰማናቸው የነዳፊዎች ስሞች መካከል ኢትዮጵያዊ ስም ይህ አንድ ብቻ መሆኑን ልብ ብለናል። እቴጌ ጣይቱ በ1879 ዓ.ም. ከእንጦጦ ወርደው ቤት ያሠሩት በዚሁ ፍል ውኃ ምክንያት ነውና፥ ከተማይቱ ራሷ ከውኃ የተወለደች ናት ማለት ይቻላል። ሰው ፎጣውን በትከሻው ጥሎ ተራውን ይጠብቃል፤ ዋጋው እንደ ክፍሉ ደረጃ ይለያያል። እኛን ያቆመን የሕንጻው መልክ አልነበረም፤ በዘመናዊ ሕንጻ ውስጥ ሰው ለውኃ ተሰልፎ ማየታችን ነው እንጂ። ምክንያቱን ከዚህ በታች እንገልጻለን።

አፍሪካ አዳራሽ ለመግባት መታወቂያ አሳይተን፥ ተፈትሸን አለፍን። ይህም የመዘዲሚ ሥራ ነው። የተባበሩት መንግሥታት የአፍሪካ የኢኮኖሚ ኮሚሽን በ1950 ዓ.ም. ተቋቁሞ መቀመጫው አዲስ አበባ እንዲሆን በተወሰነ ጊዜ፥ ለእርሱ የሚሆን ቤት በፍጥነት ያስፈልግ ነበርና ሥራው በ18 ወር ተጠናቀቀ፤ ጥር 29 ቀን 1953 ዓ.ም. ተመረቀ። በመግቢያው ያለው የአፈወርቅ ተክሌ ባለ ቀለም መስታወት 150 ካሬ ሜትር ስፋት ሲኖረው፥ የአፍሪካን ያለፈ መከራ፥ ትግሏንና መጪ ተስፋዋን በሦስት ክፍል ያሳያል። ከሰዓት በኋላ ፀሐይ ሲመታው በወለሉ ላይ የሚፈሰውን ቀይና ሰማያዊ በቃል ለመግለጽ አንሞክርም። ግንቦት 17 ቀን 1955 ዓ.ም. የአፍሪካ አንድነት ድርጅት ቻርተር የተፈረመው በዚህ አዳራሽ ነው። ሕንጻው በቅርቡ ታድሶ በ2017 ዓ.ም. እንደ ገና ተከፍቷል።

ጋሼ እዚህ ላይ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው ተረኩልን፤ እኛም በእውነት ኮራን። ኩራታችንን ለመካድ አንፈልግም። ይሁን እንጂ ከመካከላችን አንዱ፥ በዚያው ዘመን፥ በዚያው መንግሥት፥ በእኛ አገር ምን ተሠራ ብሎ ጠየቀ። ጥያቄው ለጋሼ አልነበረም፤ ለራሳችን ነበር።

እንግዲህ ወደ ነገሌ እንለፍ። ነገሌ ቦረና ከአዲስ አበባ ወደ 600 ኪሎ ሜትር ያህል ርቃ የምትገኝ ስትሆን፥ በዚያ ጊዜ በሲዳሞ ጠቅላይ ግዛት የቦረና አውራጃ ዋና ከተማ ነበረች። ስሟ በውጭ አገር ጽሑፍ በሰፊው የታወቀው በጦርነት ምክንያት ነው። በታኅሣሥ 1928 ዓ.ም. የስዊድን ቀይ መስቀል የሕክምና ቡድን በመልካ ዲዳ ከአየር ተደበደበ፤ በጥር ወር የራስ ደስታ ዳምጠው ጦር በገናሌ ዶሪያ ተሸንፎ ወደ ኋላ አፈገፈገ፤ ጥር 11 ቀን፥ የጥምቀት ዕለት፥ የግራዚያኒ ወታደሮች ነገሌ ገቡ። ራስ ደስታ ከዚያ በኋላም አንድ ዓመት ያህል ተዋግተው በ1929 ዓ.ም. ተይዘው ተገደሉ። ግራዚያኒ በበኩሉ የነገሌ ማርኬዝ የሚል ማዕርግ ከመንግሥቱ ተሰጠው። አንድ ከተማ ሳይሠሩላት በስሟ መጠራት እንዲህ ያለ ነገር ነው።

ከነጻነት በኋላ ነገሌ የአውራጃ አስተዳደርና የጦር ሰፈር ሆነች። አዲስ አበባ አዳራሽና ቴአትር ስትሠራ፥ በሶማሌና በኬንያ ድንበር አቅራቢያ ላለው ቆላ መንግሥት በዋነኛነት የላከው ወታደር ነው። የደቡብ ቆላ ከተሞችን ታሪክ የሚጽፍ ሰው ሰፈሩን ትቶ ስለ ቤተ ክርስቲያኑ፥ ስለ መስጊዱና ስለ ገበያው ብቻ ቢጽፍ ግማሹን ተወው ማለት ነው።

በዚሁ ሰፈር ነው ጥር 4 ቀን 1966 ዓ.ም. የአራተኛው ብርጌድ ወታደሮች ያመፁት። የምግባቸው መበላሸት አንዱ ምክንያት ነበር፤ ሁለተኛው ውኃ ነው። ወታደሮቹ የሚጠጡበት ጉድጓድ ፓምፑ ተበላሽቶ ነበር። የመኮንኖቹ ጉድጓድ ግን ይሠራ ነበር፤ ከእርሱ እንቅዳ ብለው ቢጠይቁ ተከለከሉ። ከዚህ በኋላ መኮንኖቻቸውን ያዙ። ንጉሠ ነገሥቱ የምድር ጦር አዛዡን ሌተና ጄኔራል ደረሰ ዱባለን ነገሩን እንዲያዩ ቢልኳቸው፥ ወታደሮቹ እሳቸውንም አግተው ራሳቸው የሚበሉትን ምግብ እንዲበሉ፥ የሚጠጡትንም ውኃ እንዲጠጡ አስገደዷቸው። መንግሥት ነገሩን በዝምታ ለመሸፈን ቢሞክርም ወሬው በጦሩ ሬዲዮ ከሰፈር ወደ ሰፈር ተላለፈ። በየካቲት ወር የደብረ ዘይት አየር ኃይልና የአሥመራው ሁለተኛ ክፍለ ጦር ተነሡ፤ ከመስከረም 2 ቀን 1967 ዓ.ም. በኋላ በዙፋኑ ላይ ማንም አልተቀመጠም። ጄኔራሉ ራሳቸው በዚያው ዓመት ኅዳር ወር ከተረሸኑት ሹማምንት አንዱ ሆኑ።

የያቤሎው ጓደኛችን እዚህ ላይ ተቃወመን። የጦር ሰፈር ጉድጓድ ከሕንጻ ጥበብ ጋር ምን አገናኘው? አፍሪካ አዳራሽስ ባይሠራ ኖሮ የነገሌ ፓምፕ ይጠገን ነበር ወይ? አለ። ሁለተኛው ጥያቄው ትክክል ነው፤ አይጠገንም ነበር። የፓምፕ ጥገና የ18 ወር ሥራ አይደለም፤ ታላቅ አዳራሽ ማሠራት የቻለ መንግሥት ብልሽቱን ለመጠገን ገንዘብ አጣ ብሎ መከራከር አይቻልም። ስለ መጀመሪያው ጥያቄው ግን አልተስማማንም። በአንድ ሰፈር ውስጥ የመኮንንና የወታደር ጉድጓድ ለየብቻ መሆኑ ራሱ ንድፍ ነው፤ ማን ከየት እንደሚጠጣ የተወሰነው ፓምፑ ከመበላሸቱ አስቀድሞ ነው። የማዘጋጃ ቤቱ ማማ ለሁሉ እንዲታይ የተሠራ ከሆነ፥ ይህኛው ደግሞ እንዳይታይ የተሠራ ነው።

ነገሩን ይበልጥ የሚያስገርም የሚያደርገው ይህ የሆነበት አገር ነው። ከነገሌ በስተ ደቡብ ምዕራብ፥ በያቤሎና በሜጋ መካከል ባለው የድሬ ምድር፥ ቱላ የሚባሉት የቦረና ጥልቅ ጉድጓዶች ይገኛሉ፤ ዱብሉቅ፥ ዌብ፥ መልባና ስማቸው የታወቀ ነው። አንዳንዱ እስከ 30 ሜትር ድረስ ዐለት ተፈልፍሎ የወረደ ነው። ከብቱ ወደ ገንዳው የሚደርሰው መሬቱ ተቆርጦ በተበጀ ሰፊ ቁልቁለት ነው። ሰዎች አንዱ ከአንዱ በላይ ተደራርበው ቆመው፥ እየዘፈኑ፥ ቀድሞ ከቀጭኔ ቆዳ ይሠራ በነበረው ኦኮሌ ውኃውን ከእጅ ወደ እጅ ያሳልፋሉ። አንዱ ሰው ቢዘገይ ሰንሰለቱ ሁሉ ይቆማልና ዘፈኑ ጌጥ አይደለም፤ መለኪያ ነው።

የኤላው ባለቤት ጎሣ አለው፤ ተራውንም የሚያስጠብቅ አባ ሔሬጋ የሚባል ሰው አለ። በበጋ ከብቱ በየሦስተኛው ቀን ይጠጣል፤ የማን መንጋ ከማን ቀጥሎ እንደሚገባ በጉባኤ የተወሰነ ነው። ሥርዓቱ እኩልነት ነው አንልም፤ ቅድሚያ ያለውና የሌለው አለ፤ ክርክርም አይጠፋበትም። ነገር ግን ለተጠማ ሰው የሚጠጣ ውኃ መከልከል በቦረና ነውር ነው። የሞያሌው ጓደኛችን በልጅነቱ ከአጎቱ ጋር ሰንሰለቱ ውስጥ ቆሟል፤ ቦታው ከላይ ነበር፥ ለልጅ የሚሰጠው ቦታ፤ እጁ ዝሎ ኦኮሌውን ሲጥል ከታች ያሉት እንዴት እንደ ሰደቡት ሲነግረን እስከ ዛሬ ያፍራል።

ይህን ሁሉ ስንከራከር የቆየነው ከአፍሪካ አዳራሽ ወጥተን በደረጃው አጠገብ ቆመን ነው። ጋሼ የተከራየናቸው ሰዓት አልፎ ነበር፤ ግን አልሄዱም። የጄኔራሉን ታሪክ ቀድሞ ሰምተውት እንደ ነበረ፥ ቦታው ነገሌ መሆኑን ግን እንዳላስተዋሉ ነገሩን። ከዚያም ከደረት ኪሳቸው ትንሽ ማስታወሻ አውጥተው ቀኑን እንድንደግምላቸው ጠየቁ፤ ጥር 4 ቀን 1966 ብለን ደገምንላቸው። ከጻፉ በኋላ ጥቂት አሰቡና፥ በሚቀጥለው ጉብኝት ይህን የሚናገሩት እዚህ ይሁን ወይስ ፍል ውኃ ላይ ብለው ጠየቁን። ሦስታችን ፍል ውኃ አልን። የያቤሎው ጓደኛችን ግን እዚሁ፥ ከመስታወቱ ሥር ይሁን አለ፤ በዚህም እስከ ዛሬ አልተስማማንም።