የሰሜኗ ኮከብ፣ የምድር ውዝዋዜና የተከዜ ደለል



ዋግ ኽምራ ውስጥ፣ ከሰቆጣ ወደ ተከዜ ቆላ በሚያወርደው በሰሃላ ምድር፣ ሌሊት ላይ ክንዳችንን ወደ ሰሜን ዘርግተን ጡጫችንን አድማሱ ላይ ብናሳርፍ ከጡጫው ትንሽ ከፍ ብላ አንዲት መጠነኛ ብርሃን ያላት ኮከብ ትታያለች። የሰሜን ኮከብ እሷ ናት። ከዚህ ምድር መካ በስተሰሜን ስለሆነች ቂብላው ከሰሜን ወደ ምሥራቅ የሚያዘነብለው ጥቂት ዲግሪ ብቻ ነው። በሰሃላ መስክ ላይ ያለ ሰው በእጁ ስልክም ኮምፓስም ባይኖር፣ ፊቱን ወደዚያች ኮከብ መልሶ ጥቂት ወደ ቀኙ ካለ የመካን አቅጣጫ አገኘ ማለት ነው።

ግን ኮከቧ ሁልጊዜ እዚያ አልነበረችም። የመጀመሪያዎቹ ሙሃጂሮች (ረዲየላሁ ዐንሁም) በ615 እ.ኤ.አ. ባሕር ተሻግረው ወደ ነጃሺ አገር ሲመጡ ይህችው ኮከብ ከእውነተኛው የሰሜን ዋልታ 8 ዲግሪ ያህል ርቃ በየሌሊቱ ሰፊ ክብ ትሠራ ነበር። ዛሬ ርቀቷ ከ1 ዲግሪ በታች ነው። ከ12 ሺህ ዓመታት ገደማ በኋላ ደግሞ ዋልታው አጠገብ የምትገኘው ሌላ ኮከብ ናት፦ ቬጋ። ስሟ የመጣው ዐረቦች «አን-ነስር አል-ዋቂዕ» ካሏት ነው፣ «የሚወርደው ንስር» ለማለት።

የተንቀሳቀሰችው ኮከቧ አይደለችም፤ የምድራችን እንዝርት ነው። በልጅነታችን የእናቶቻችንን እንዝርት ወለል ላይ ያላሾርን ጥቂቶች ነን። ሲሾር ቆይቶ ዘንበል ይላል፤ ወዲያው ግን አይወድቅም፤ አናቱ በአየር ላይ ቀስ ያለ ክብ እየሠራ ይወዛወዛል። ምድርም እንዲሁ ናት። ወገቧ ላይ ትንሽ ተነፍታለች፤ ከመሃሏ እስከ ወገቧ ያለው ርቀት ከመሃሏ እስከ ዋልታዋ ካለው በ21 ኪሎ ሜትር ይበልጣል። ፀሐይና ጨረቃ ይህን የተነፋ ወገብ ይስቡታል፤ የምትሾረው ምድር ደግሞ ለስበቱ በቀጥታ አትገዛም፤ ዘንጓ በ26 ሺህ ዓመት ገደማ አንድ ክብ ይሠራል።

ይህን ማን ደረሰበት? «ሁሉን ነገር ቀድመው ያገኙት ሙስሊሞች ናቸው» የሚሉ ጽሑፎች በብዛት ይዘዋወራሉ። ይህኛው ላይ ግን ቀዳሚው ግሪካዊው ሂፓርኮስ ነው፣ ከክርስቶስ ልደት በፊት በ2ኛው መቶ ዓመት። ከሱ በፊት 150 ዓመት ገደማ የተመዘገበ የአንዲት ኮከብ ቦታ እሱ ራሱ ከለካው ጋር 2 ዲግሪ ያህል ተለያይቶ አገኘው። በጥሊሞስ ከሱ ወስዶ ፍጥነቱን በ100 ዓመት 1 ዲግሪ ብሎ ጻፈ፤ ዓለምም ለብዙ መቶ ዓመታት በዚያው ኖረ።

የሙስሊሞቹ ድርሻ ሌላ ነው፤ በእኛ ግምት አያንስም። የተከበረን መጽሐፍ ሳይፈሩ እንደገና ለኩ። በኸሊፋው አል-መእሙን ዘመን የነበሩት ጠበብት፣ ከነሱም በኋላ በሶርያዋ አር-ረቃ ለአርባ ዓመታት ያህል ሰማይን የተከታተለው አል-በታኒ (የሞተው በ929 ነው) ፍጥነቱ በ66 ዓመት 1 ዲግሪ ነው አሉ። ዐብዱረሕማን አስ-ሱፊ በ964 የከዋክብት መጽሐፉን ሲያዘጋጅ በዚህ ቁጥር ተጠቅሞ በበጥሊሞስ ሰንጠረዥ ላይ 12 ዲግሪ ከ42 ደቂቃ ጨመረ። ባግዳድ በ1258 በሁላጉ እጅ ወደቀች፤ በዓመቱ እዚያው ሁላጉ ሥር ነሲሩዲን አጥ-ጡሲ በመራጋ የምርምር ጣቢያ አቋቋመ፤ ከዚያ የወጣው ሰንጠረዥ በ70 ዓመት 1 ዲግሪ ይላል። ዛሬ የሚታወቀው 72 ዓመት ሊሞላ ጥቂት የቀረው ነው። ከ100 ወደ 66፣ ከ66 ወደ 70፤ ያለ መነጽር፣ በዓይንና በናስ መሣሪያ! ምክንያቱን ያስረዳው ኒውተን በ1687 ነው።

በስልካችን «ኮከብህ ምንድን ነው?» ለሚሉን ደግሞ አንድ ነገር እንንገራቸው፦ በዚሁ ውዝዋዜ የተነሳ መጋቢት 12 ቀን «ፀሐይ ሐመል ገባች» ሲሉ ፀሐይ በእውነቱ ያለችው በሑት ከዋክብት ፊት ነው።

አሁን ወደ ሰሃላ እንመለስ፤ ነገሩ የዝናብ ጉዳይ ነውና። ምድር ለፀሐይ በጣም የምትቀርበው ታኅሣሥ 25 ገደማ ነው፣ 147 ሚሊዮን ኪሎ ሜትር። በጣም የምትርቀው በሰኔ መጨረሻ፣ ልክ ክረምታችን ሲገባ፣ 152 ሚሊዮን። የዘንጉ ውዝዋዜ፣ ከምህዋሩ መዞር ጋር ተደምሮ፣ ይህን ቀጠሮ በ21 ሺህ ዓመት ገደማ ያዟዙረዋል። ከ11 ሺህ ዓመት በፊት ቅርበቱ በክረምት ነበር፤ በዚያ ወቅት የሰሜኑ ንፍቀ ክበብ የሚያገኘው የፀሐይ ኃይል ከዛሬው በ7 ወይም በ8 በመቶ ይበልጥ ነበር። የሞቀው ምድር እርጥብ ነፋስ አብዝቶ ሳበ። ሰሃራ ሣር አበቀለ፤ ዝዋይ፣ ላንጋኖ፣ አብያታና ሻላ አንድ ሐይቅ ሆነው ወደ አዋሽ ፈሰሱ።

ተከዜም ሞላ። ውኃው በአትባራ በኩል ዓባይ ገብቶ ሜዲትራኒያን ይደርሳል። ያኔ የወረደው ጎርፍ ባሕሩን እንደ ክዳን ሸፈነው፤ አየር ወደ ታች አልደርስ አለ፤ ወለሉ ላይ የረገፈው ሕይወት ያለው ነገር ሳይበሰብስ ቀርቶ ጥቁር ንጣፍ ሠራ። ተመራማሪዎች ወለሉን ሲቆፍሩ እንዲህ ያሉ ንጣፎች በየ21 ሺህ ዓመቱ ገደማ ተደራርበው ያገኛሉ። የመጨረሻው ከ6 ሺህ ዓመት በፊት አበቃ። የሰሃላ ሸለቆ ዝናብ ታሪክ በከፊል የተጻፈው እዚያ፣ ከባሕር በታች ነው።

በ2015 ክረምት ዝናብ ቀርቶ ሰሃላና ዝቋላ ሲራቡ «የሰማይ ዑደት ነው» ያሉ ነበሩ። ይህ ዑደት ግን በአንድ ሰው ዕድሜ 1 ዲግሪ ያህል ብቻ ይሄዳል፤ አምና ዘንቦ ዘንድሮ እንዲቀር አያደርግም። የአንድ ክረምትን መቅረት በውቅያኖስ ሙቀትና በነፋስ እንፈልገው፤ ረሃቡን ደግሞ በመንገዱ፣ በጎተራውና በጦርነቱ።

ተከዜ ላይ ዛሬ 188 ሜትር ከፍታ ያለው ግድብ ቆሟል፣ በ2009 እ.ኤ.አ. የተጠናቀቀ። ከዋግ ቁልቁለት ተጠርጎ የሚወርደው ደለል አሁን አብዛኛው የሚያርፈው ከግድቡ በስተኋላ ነው።