ትልቅ ቴሌቪዥን ከወለል ምን ያህል ከፍታ ላይ ይሰቀል?

በከተማም ሆነ በገጠር ቴሌቪዥንን ወደ ጣሪያው አስጠግቶ መስቀል የተለመደ ነው። ምክንያቱ የሕጻናትን እጅ መሸሽ ቢሆንም፣ ለረጅም ሰዓት ቀና ብሎ መመልከት አንገትን ያሳምማል።

ልኩ የሚነሳው ከመቀመጫው ነው። አንድ ሰው ቤተሰቡ ዘወትር በሚቀመጥበት ቦታ ተደግፎ ይቀመጥና ከወለሉ እስከ ዓይኑ ያለው ከፍታ ይለካል። ሶፋ ላይ ለተቀመጠ አዋቂ ከ100 እስከ 110 ሳንቲ ሜትር ገደማ ሲሆን፣ በዱካ ወይም በዝቅተኛ መደብ ላይ ያንሳል። የስክሪኑ መሐል በዚህ ልክ ቢያርፍ ይመረጣል። 55 ኢንች የሚባለው ከጥግ እስከ ጥግ በሰያፍ የሚለካው ነው፤ ቁመቱ 70 ሳንቲ ሜትር ያህል ብቻ ነው። ስለዚህ የዓይን ከፍታው 105 ከሆነ የታችኛው ጠርዝ ከወለሉ 70 ሳንቲ ሜትር ላይ ይውላል። ለብዙዎች ዝቅ ያለ ይመስላል፤ ተቀምጦ ማየት ግን ያሳምናል። ከፍ ማድረግ ግድ ከሆነ ወደ ታች የሚያዘነብል ማንጠልጠያ ይገዛል።

ግድግዳው ከመበሳቱ በፊት በቴሌቪዥኑ ጀርባ ያሉት ቀዳዳዎች ከታችኛው ጠርዝ ያላቸው ርቀት ይለካ፤ ሁልጊዜ መሐል ላይ አይገኙም።

ውስጡ ክፍት የሆነ ብሎኬት ለዚሁ የተሠራ ፊሸር ይፈልጋል። ይበልጥ የሚያሳስበው የጭቃ ቤት ነው። ላዩ በሲሚንቶ ቢለሰንም ጭቃና ጭድ ብሎን አይዝም። ብሎኑ ምስጥ ያልነካው ጠንካራ ቋሚ እንጨት ካላገኘ ቴሌቪዥኑ ከነልስኑ ሊወርድ ይችላል፤ ያን ጊዜ ከሥሩ ሕጻን ሊኖር ይችላል። በእንዲህ ያለ ቤት ሰፊ፣ የማይነቃነቅ ጠረጴዛ ላይ አስቀምጦ ከቋሚው ጋር በጠንካራ ማሰሪያ ማሰር ይሻላል።