ክፍልፋይን ለክፍልፋይ ማካፈል፦ ከኩፋ ሚንበር እስከ አል-ኸዋሪዝሚ

የፈራኢድን ትምህርት የቀሰመ ደረሳ ሁሉ «አል-ሚንበሪያ» የተባለችውን መስአላ ያውቃታል። ዐሊይ ኢብኑ አቢ ጧሊብ (ረ.ዐ) በኩፋ ሚንበር ላይ ሳሉ፣ ሚስት፣ አባት፣ እናትና ሁለት ሴት ልጆች ትቶ ስለሞተ ሰው ተጠየቁ፤ እርሳቸውም የሚስቲቱ ስምንተኛ ዘጠነኛ መሆኑን ወዲያው መለሱ ተብሎ ይተረካል። ደረሳው መልሱን በቃሉ ይዞታል። ስምንተኛው እንዴት ዘጠነኛ እንደሆነ ሲጠየቅ ግን ብዙውን ጊዜ «መስአላው ከ24 ወደ 27 ዐውል ስላደረገ» ከማለት አያልፍም። ይህ ስም መስጠት ነው እንጂ ማስረዳት አይደለም።

ድርሻዎቹን እንደምራቸው። የሚስት አንድ ስምንተኛ፣ የልጆች ሁለት ሦስተኛ፣ የአባትና የእናት አንድ አንድ ስድስተኛ በ24 ታህት ሲጻፉ 3፣ 16፣ 4 እና 4 ይሆናሉ። ድምሩ 27/24 ነው፤ ከንብረቱ ይበልጣል። እንግዲህ ጥያቄው «1/8 የ27/24 ስንተኛው እጅ ነው?» የሚል ነው። ይህም 1/8ን ለ27/24 ማካፈል ነው፤ በ24/27 ሲባዛ 1/9 ይወጣል። የትምህርት ቤቱ መምህር «ሁለተኛውን ገልብጠህ አባዛ» የሚለውና የመድረሳው ሸይኽ «አስሉን ወደ 27 አንሣ» የሚሉት አንድ ሥራ ነው። ፉቀሃእ የጋራውን ታህት አስቀድመው ስለሚያወጡ የሚቀረው 3ን ለ27 ማካፈል ብቻ ይሆናል፤ ክፍልፋዩም ከዓይን ይሰወራል።

የመጀመሪያው ዐውል የተከሰተው በዑመር ኢብኑል ኸጧብ (ረ.ዐ) ኺላፋ እንደሆነ ይነገራል። በአንደኛው ዘገባ ሟቿ ባልና ሁለት እህቶች ትታለች፤ ግማሽና ሁለት ሦስተኛ ሲደመሩ 7/6 ናቸው። ዑመር ሰሓቦችን አማክረው ጉድለቱ በሁሉም ላይ በየድርሻቸው መጠን እንዲያርፍ ወሰኑ። ኢብኑ ዐባስ (ረ.ዐ) ከዑመር ሞት በኋላ ተቃወሙ፤ በእርሳቸው አቋም ባል ግማሹን ሙሉ ይወስዳል፣ ጉድለቱን እህቶቹ ይሸከማሉ። ውርሱ 42,000 ብር ቢሆን በዐውል ለባል 18,000፣ ለእያንዳንዷ እህት 12,000 ይደርሳል፤ በኢብኑ ዐባስ አቋም ደግሞ 21,000 እና 10,500። አራቱ መዝሀቦች በዐውል ጸንተዋል፤ የጀዕፈሪያ ፊቅህና ኢብኑ ሐዝም ከኢብኑ ዐባስ ጋር ናቸው። ስለዚህ ለባል ግማሹን ቆጥሮ ሰጥቶ የተረፈውን ለእህቶች የሚያድል ኢማም፣ ሻፊዒይ ነኝ እያለ ሳያውቀው በሌላ መዝሀብ ፈርዷል፤ ከእያንዳንዷ እህትም 1,500 ብር ጎድሏል።

በኸሊፋ አል-መእሙን ዘመን (813–833) ባግዳድ ላይ አል-ጀብርን የጻፈው አል-ኸዋሪዝሚ የመጽሐፉን ግማሽ የሚያህል ለወሲያና ለውርስ ሰጥቶታል። አንዷ መስአላው እንዲህ ናት፦ ሴት ባል፣ ወንድ ልጅና ሦስት ሴት ልጆች ትታ ሞተች፤ ለባዕድ ሰውም የንብረቷን ስምንተኛና ሰባተኛ ተናዛለች። ኑዛዜው ሲደመር 15/56 ነው፤ ከሲሶ ስለማያልፍ የወራሾች ፈቃድ አያሻውም። ለወራሾች 41/56 ይቀራል። እነርሱ በ20 እጅ ይካፈላሉ፦ ባል 5፣ ወንድ ልጅ 6፣ ሴቶቹ ሦስት ሦስት። 20ው እጅ የንብረቱ 41/56 ከሆነ ጠቅላላው ስንት እጅ ነው? 20ን ለ41/56 ማካፈል፣ ማለትም 1120/41 ነው። ስብርባሪውን ለማስቀረት ንብረቱ 1120 ይባላል፦ ለባዕዱ 300፣ ለባል 205፣ ለወንድ ልጅ 246፣ ለእያንዳንዷ ሴት ልጅ 123።

በ12ኛው መቶ ዓመት መጽሐፉ ወደ ላቲን ሲተረጎም ይህ የውርስ ክፍል ተትቷል። አውሮፓ አል-ጀብርን የተቀበለችው ባልና ልጆች፣ ኑዛዜና እዳ ሳይኖሩበት ነው።