የፈረስ ስም



የዛሬው ንባባችን ስለ ፈረሰኞች ነው። ከመጀመራችን በፊት አንድ ጥያቄ ልጠይቃችሁ። አጼ ምኒልክን «አባ ዳኘው» ሲሏቸው ሰምታችኋል። አጼ ቴዎድሮስን «አባ ታጠቅ»፣ ራስ አሉላን «አባ ነጋ» ይሏቸዋል። ለመሆኑ ይኼ «አባ» ምንድን ነው? የመነኩሴ ማዕረግ ነው እንዳትሉ። ሦስቱም አልመነኮሱም። ዳኘው፣ ታጠቅ፣ ነጋ የተባሉትም ሰዎች አይደሉም፤ ፈረሶች ናቸው።

«አባ ዳኘው» ማለት የዳኘው ጌታ፣ የዳኘው ባለቤት ማለት ነው። በኦሮምኛም «አባ» አባት ወይም ባለቤት ማለት ነው። የጅማው ንጉሥ አባ ጅፋር የሚጠሩበት ስም ራሱ የፈረስ ስም ነው። የንጉሡ የግል ስም ቱሉ ነበር። ፈረሱ ግን ቱሉን ሸፈነው።

ፈረስ ሲሰየም እንዲያው በመልኩ ዳማ ወይም አምባላይ ተብሎ ብቻ አይታለፍም። ባለቤቱ ሊሆን የሚመኘውን ነገር በፈረሱ ስም ይናገራል። ዳኘው፣ ዳኛ ነው፤ ይፈርዳል። ታጠቅ፣ ተዘጋጅ ነው። የአጼ ዮሐንስ ፈረስ በዝብዝ ነው፤ እንግዲህ ጠላት ከስሙ ይጠንቀቅ። የአጼ ኃይለ ሥላሴ ጠቅል፣ የአባታቸው የራስ መኰንን ቃኘው፣ የደጃዝማች ባልቻ ነፍሶ ይባሉ ነበር። የፊታውራሪ ሀብተ ጊዮርጊስ ዲነግዴ ፈረስ ደግሞ መላ ነው። እኔን ከሁሉ ደስ የሚለኝ ይኼ የመጨረሻው ነው። ሌላው በዝብዝ፣ ጠቅልል ሲል፣ እሳቸው መላ ምታ አሉ። መላቸውም ሠርቷል። ጥቅምት 17 ቀን 1909 ዓ.ም ሰገሌ ላይ የሸዋን ጦር መርተው፣ በፈረሰኛቸው የታወቁትን የወሎውን ንጉሥ ሚካኤልን ድል አደረጉ። ንጉሡም ተማረኩ። የንጉሥ ሚካኤል የፈረስ ስም አባ ሻንቆ ነበር።

እነዚህን ስሞች ሰብስቦ የጻፈ ሰው አለ። ብላቴን ጌታ ማኅተመ ሥላሴ ወልደ መስቀል ይባላሉ። ጽሑፋቸው በ1961 ዓ.ም ታተመ። ርእሱ «ቼ በለው» ነው። «ቼ» ፈረስ የሚነዳበት ድምፅ መሆኑን ለእናንተ መንገር አያስፈልግም። እንደዚህ ያለ ነገር ተጽፎ ባይቀመጥ ኖሮ፣ ሽማግሌዎቹ ሲያልፉ ስሞቹም አብረው ያልፉ ነበር።

ታዲያ የፈረስ ስም ለጌጥ ብቻ ነበር? አይደለም። እስቲ የድሮ ጦር ሜዳ በዓይናችሁ ሳሉ። አቧራው ሰማይ ደርሷል። ሰው ከሰው ተደባልቋል። መለያ ልብስ የለም። ራዲዮ የለም። ወታደሩ የማንን ወገን እንደሆነ በምን ይታወቅ? በአፉ ነው። «የአባ ዳኘው አሽከር!» ይላል፤ ወገኑ ይሰማዋል። ሲፎክርም፣ ሲሸሽ የነበረውን ሲመልስም የሚጠራው ይኼንኑ ስም ነው። ፈረሱ እንደ ሰንደቅ ዓላማ ሆነ ማለት ነው።

አሁን ደግሞ ወደ ኮርቻው እንውጣ። ያን ጊዜ ጎራዴ የሚታጠቀው በቀኝ በኩል ነበር። ስለዚህ ፈረሰኛው በቀኝ በኩል ይወጣል። እርካቡ የዛሬው ዓይነት አይደለም። ትንሽ ቀለበት ናት። በባዶ እግሩ የሚሄደው ፈረሰኛ የሚያስገባባት አውራ ጣቱን ብቻ ነው። በአንድ ጣት ተደግፎ፣ ጋሻና ጦር ይዞ፣ ፈረስ እያስጋለበ ጦር መወርወር ቀላል ነገር አይምሰላችሁ። ልምምዱ ጉግስ ነው። በጉግስ ጨዋታ አንዱ ይሸሻል፣ ሌላው እያባረረ ዘንግ ይወረውርበታል፤ የሚሸሸው በጋሻ ይመክታል። ጨዋታ ይባል እንጂ ትምህርት ቤት ነበር።

አንድ ነገር ደግሞ ልብ በሉ። ባለ ፈረሱ በመንገድ ላይ ፈረሱን አይቀመጥበትም። የሚሄደው በበቅሎ ነው። ፈረሱ ያለ ጋላቢ እየተሳበ ይከተላል። ለምን ቢሉ፣ ጉልበቱ ለውጊያው ቀን እንዲቆይ ነው። እንግዲህ ለአንድ ጌታ ሁለት ከብት፣ ለሁለቱ ከብት ደግሞ ሳቢ፣ አጫጅ፣ መጋቢ ያስፈልጋል።

እዚህ ላይ ቆም እንበል። ፈረስ ገብስ ይበላል። ሣር ይበላል። ገብሱን ያመረተው ማን ነው? ገበሬው ነው። ሣሩን ያጨደው፣ ሌሊት ያደረው ማን ነው? የፈረሱ ጠባቂ ነው። ለፈረሰኛውስ ዱቄቱን የፈጨችው፣ ውሃውን የተሸከመችው? የጦሩ ሴቶች ናቸው። ሠራዊት ሲጓዝ በገበሬ ቤት ያድር ነበር። የገበሬውን እህል ሰውም ፈረስም ይበላዋል። ገበሬው ደህና ሰው ቢገጥመው ተመስገን ይላል፤ ካልገጠመው ግን የዘር እህሉም ይሄዳል። አጼ ምኒልክ በ1880ዎቹ ዓመታት ውስጥ አሥራት እንዲከፈል፣ ወታደርም በገበሬ ቤት ማደሩ እንዲቀር ያዘዙት በዚህ ምክንያት ነው።

የጌታው ፈረስ ስም ተጽፎልናል። የሣር አጫጁ ስም ግን በመጽሐፍ ውስጥ ብዙ አይገኝም። አዲስ አበባ ውስጥ ባልደራስ የሚባል ሰፈር አለ። ባልደራስ የፈረሶች ኃላፊ ነው፤ ስሙ ለሰፈር ተርፏል። ከኃላፊው በታች የነበሩት፣ ኩበት ሲዝቁና ቁስል ሲያጥቡ የኖሩት፣ ለመንደር እንኳን አልተረፉም። እውነቱን ለመናገር ይኼ ነገር ያንገበግበኛል። ፈረሱ ስም አለው፤ የሚያበላው ሰው ስም የለውም።

ወደ ውጊያው እንመለስ። በ1874 ዓ.ም እምባቦ ላይ ሸዋና ጎጃም ሲዋጉ ድሉን ለሸዋ ያስገኘው በዋነኛነት የራስ ጎበና ዳጬ ፈረሰኛ ነው። የካቲት 23 ቀን 1888 ዓ.ም አድዋ ላይ ደግሞ የኦሮሞ ፈረሰኞች የጄኔራል ዳቦርሚዳን ጦር ሸለቆ ውስጥ አስጨንቀውታል። ጣሊያኖች ሲሸሹ ያሳደዷቸውም ፈረሰኞች ናቸው። እግረኛ እግረኛን ሲያሳድድ ይደክማል። ፈረስ ግን የተሸነፈውን ጦር እንደገና እንዳይሰለፍ ያደርገዋል። ድሉ ሙሉ ድል የሆነው አንድም በዚህ ነው።

ነገር ግን ፈረስ ያልቻለውም ነገር አለ። በሚያዝያ ወር 1860 ዓ.ም፣ በስቅለት ዕለት፣ ፊታውራሪ ገብርዬ ቀይ ለብሶ በፈረሱ ከፊት ቀድሞ ከመቅደላ አጠገብ እሮጌ ላይ በእንግሊዞች ላይ ወረደ። የወረደው እየፎከረ ነው። እንግሊዞቹ የያዙት ግን በአፈ ሙዝ ሳይሆን ከኋላ የሚጎርስ ጠመንጃ ነበር። እኛ ስናድር የምንለው ጠመንጃ ስሙን ያገኘው ከዚያ ጠመንጃ ነው። ገብርዬ ወደቀ። በጥቂት ሰዓት ውስጥ ከአጼ ቴዎድሮስ ወገን በመቶዎች የሚቆጠር ሰው አለቀ። ከእንግሊዞች በኩል የሞተው ሁለት ሰው ብቻ ነው። ጀግንነት አላነሰም። መሣሪያው ነው ያልተመጣጠነው። አጼ ቴዎድሮስ ከሦስት ቀን በኋላ መቅደላ ላይ ራሳቸውን ገደሉ።

በ1928 ዓ.ም የመጣው ደግሞ የባሰ ነው። ጣሊያን ከአውሮፕላን የመርዝ ጭስ ረጨ። መርዙ በሣሩና በውሃው ላይ ወረደ። ሰው ቢሮጥ ምናልባት ያመልጣል። ፈረስና በቅሎ ግን መሬት ላይ ያለውን ሣር ይበላሉ፤ ምንጩንም ይጠጣሉ። ጋሻም ጉግስም ለዚህ አይሆንም።

ከዚያ በኋላ ስሞቹ ወደ ሌላ ነገር ተሻገሩ። በ1943 ዓ.ም ወደ ኮሪያ የዘመተው የኢትዮጵያ ሻለቃ «ቃኘው» ተባለ። ወታደሮቹ የሄዱት በመርከብ ነው፤ የሚጠሩት ግን በራስ መኰንን ፈረስ ስም ነው። ከአዲስ አበባ በስተምዕራብ የነበረው የጦር ማሠልጠኛ «ታጠቅ» ተባለ። የመቀሌው አውሮፕላን ማረፊያ ደግሞ «አሉላ አባ ነጋ» ነው። ፈረስ በአውሮፕላን ማረፊያ ላይ ተጻፈ እኮ! ነጋ ይኼን ቢሰማ ምን ይል ነበር?

ፈረሰኛው ራሱስ ጠፋ? አልጠፋም። በአዊ፣ በእንጅባራ፣ በ1932 ዓ.ም የተመሠረተው የአገው ፈረሰኞች ማኅበር እስከ ዛሬ አለ። በየዓመቱ ጥር 23 ቀን ሽማግሌውም ወጣቱም ፈረሱን አስጊጦ ሜዳ ይወጣል። ግላሱ፣ ልጓሙ፣ ዛቡ ሁሉ ያንጸባርቃል። ግልቢያው፣ ጉግሱ፣ ፉከራው ከአድዋ ዘማቾችና ከአርበኞች መታሰቢያ ጋር የተያያዘ ነው። ከአባት ወደ ልጅ ሲተላለፍ የኖረ ሙያ ስለሆነ፣ ልጁ ኮርቻ ላይ የሚወጣው ገና በትንሽነቱ ነው።

አገራችን ከአፍሪካ አገሮች ሁሉ የበለጠ ፈረስ ያላት ናት። ቁጥሩ ወደ ሁለት ሚሊዮን ይጠጋል። አብዛኛው ግን ጦር ሜዳን አያውቅም። ጋሪ ይጎትታል፣ እህል ይጭናል፣ በሽተኛ ጤና ጣቢያ ያደርሳል። በናንተ አካባቢ የድሮ ፈረሰኛ የነበሩ ሽማግሌ ካሉ፣ የፈረሳቸውን ስም ጠይቋቸውና ደብተራችሁ ላይ ጻፉት። ሣሩን ያጭድ የነበረውን ልጅ ስምም አብራችሁ ጠይቁ።