የመተማ ቆላ ዕጣን አድሚዎች

የመተማ ስም በተነሣ ቁጥር በቅድሚያ የሚታወሰው አፄ ዮሐንስ ፬ኛ በመጋቢት 1881 ዓ.ም. ከደርቡሾች ጋር ሲዋጉ የወደቁበት የጦር ሜዳ ነው። ከዚያው ሜዳ ባሻገር በድንጋያማው ተረተር ላይ አያሌ ትውልድ የደከመበት ሥራ ግን ከታሪክ ጸሐፊው ዓይን እንደራቀ ኖሯል። ይኸውም ዕጣን ማድማት ነው።

ዛፉ ዋልያ መቀር ይባላል። ክረምቱ አልፎ ቅጠሉን ማርገፍ ሲጀምር አድሚዎቹ ስንቃቸውን ይዘው ጫካው ውስጥ ይሰፍራሉ። ብዙዎቹ ከትግራይ ወርደው የሚመጡ የወቅት ሠራተኞች ነበሩ። መሣሪያቸው መንጋፍ የሚባለው ስለታም መፋቂያ ነው። አድሚው ከግንዱ ልጥ ላይ የአውራ ጣት ስፋት ያህል ብቻ በስሱ ይልጣል፤ ስለቱ ጠልቆ እንጨቱን ከነካ ዛፉ ይጎዳል። የመጀመሪያው ፍቀት ይህ ነው የሚባል ዕጣን አይሰጥም። ከሁለትና ከሦስት ሳምንት በኋላ ተመልሶ ቁስሉን ሲያሰፋው ነጩ ወተት ይንጠባጠባል፤ ደርቆም ይለቀማል። ዝናብ እስኪመጣ ድረስ ይህ ዙር ደጋግሞ ይፈጸማል፤ ያውም በመጋቢትና በሚያዝያ ሙቀቱ ከ40 ዲግሪ በሚያልፍበት አገር! የተለቀመው ዕጣን መጋዘን ሲደርስ ሴቶች በእጃቸው በመጠንና በንጣት ይለዩታል።

የሙያው ክብደት እጅን በመግታት ላይ ነው። ቀጭኑን ዛፍ አለመንካት፣ ወፍራሙንም ከአቅሙ በላይ አለማቁሰል ዋነኛው ደንብ ነበር። ነገር ግን ክፍያው በኪሎ፣ የጫካው ውልም ለአጭር ጊዜ በሆነበት ቦታ ይህን ደንብ ማን ይጠብቅ? ከመጠን በላይ የደማ ዛፍ ዘሩም ይመነምናል።

ይሁን እንጂ ጥፋቱን ሁሉ በአድሚው ላይ መጫን ፍርደ ገምድልነት ነው። በመተማ የተካሄደውና በ2004 ዓ.ም. የታተመው ጥናት እንዳሳየው፣ መንጋፍ ያልነካው ጫካም እየሳሳ ነው። ትልልቆቹ ዛፎች በጥንዚዛ ተበልተው ይወድቃሉ፤ የሚተካቸው ወጣት ዛፍ የለም። ነገሩ በዚሁ ከቀጠለ የዕጣኑ ምርት በ15 ዓመት ውስጥ በግማሽ፣ የዛፎቹ ብዛት ደግሞ በ50 ዓመት ውስጥ በ90 በመቶ እንደሚቀንስ አጥኚዎቹ ገምተዋል። በዚህም ላይ ሰፈራው፣ የሰሊጡና የጥጡ እርሻ ጫካውን ገፍተውታል።

በቆላው ዘሩ አልጠፋም። በየክረምቱ በአሮጌው ዛፍ ሥር ችግኝ ይበቅላል። በጋ ሲገባ ግን ከፊሉን ከብት ይግጠዋል፣ የተረፈውን የሣር እሳት ይበላዋል።