የከሸፈ የመሬት ሽያጭ፦ ዕዳ ወይስ ወንጀል?

 

ከጁሙዓ ሰላት በኋላ ወደ እኛ ከሚመጡ ሙግቶች ብዙዎቹ የመሬት ናቸው። ገንዘቡ ተከፍሏል፤ ቦታው ግን አልተረከበም። ገዢው «አሳስረዋለሁ» ይላል። ሻጩ ደግሞ «ይህ የፍትሐ ብሔር ጉዳይ ነው፤ ወንጀል የለብኝም» ብሎ ይከራከራል። ማን ልክ ነው? መልሱን ለማግኘት የአገራችንን ሕግ ታሪክ መለስ ብለን እንመልከት።

በ1949 ዓ.ም. የወንጀለኛ መቅጫ ሕግ፣ በ1952 ዓ.ም. ደግሞ የፍትሐ ብሔር ሕግ ታወጀ። ያኔ መሬት በብዙ ቦታ ይሸጥ ይለወጥ ነበር። የፍትሐ ብሔሩ ሕግ የማይንቀሳቀስ ንብረት ውል በጽሑፍ እንዲሆንና በፍርድ ቤት ወይም ለማዋዋል ሥልጣን በተሰጠው ሰው ፊት እንዲደረግ አዘዘ። ሌላ ስምምነት ከሌለ፣ ቀብድ ተቀብሎ ሐሳቡን የለወጠ ሻጭ እጥፉን ይመልሳል። ውሉ ከፈረሰም ሁለቱ ወገኖች በተቻለ መጠን ወደ ነበሩበት ይመለሳሉ። ይህ ሁሉ የገንዘብ ሒሳብ ነው፤ የወንጀል ቅጣት አይደለም።

ከዚያ 1967 ዓ.ም. መጣ። የካቲት 25 ቀን የገጠር መሬት የሕዝብ፣ በሐምሌ ወር ደግሞ የከተማ ቦታ የመንግሥት ሆነ። የ1987ቱ ሕገ መንግሥትም በአንቀጽ 40 መሬት አይሸጥም አይለወጥም ሲል ደነገገ። ሰው በመሬቱ ላይ የሠራውን ቤት መሸጥ ይችላል፤ ባዶውን መሬት ግን አይሸጥም። ስለዚህ ባዶ ቦታን «ቤት» ብሎ የሚጽፍ ውል ከሥሩ ደካማ ነው። ብዙ ቤተሰብ የሚጎዳውም እዚህ ላይ ነው፤ ዕድሜ ልኩን ያጠራቀመውን ሰጥቶ የማይጸና ወረቀት ታቅፎ ይቀራል።

ታዲያ ወንጀል የሚሆነው መቼ ነው? የ1996ቱ የወንጀል ሕግ በአንቀጽ 692 ስለ አታላይነት ይደነግጋል። ፍሬ ነገሩ ሁለት ነው፦ የማይገባ ጥቅም ለማግኘት ማሰብ፣ እንዲሁም ሐሰት በመናገር ወይም መግለጽ የሚገባውን በመደበቅ ሌላውን ማሳሳት። የሌላ ሰው ይዞታ የሸጠ፣ ሐሰተኛ ካርታ ያሳየ፣ አንዱን ቤት ደብቆ ለሁለት ሰው የሸጠ፣ ጉዳዩ ወደ ዐቃቤ ሕግ ይሄዳል። ቅጣቱ እስከ 5 ዓመት ጽኑ እስራት ሊደርስ ይችላል። ዋጋ ጨመረ ብሎ ያፈገፈገ ወይም ገንዘቡን ለችግሩ አውሎ መመለስ ያቃተው ግን ባለዕዳ ነው። ሚስቱ ሳትስማማ የጋራ ቤታቸውን የሸጠ ባል ውሉ ሊፈርስበት ይችላል፤ ፊርማዋን አስመስሎ ከፈረመ ግን ነገሩ ወንጀል ሆነ።

እንግዲህ መለያው «ገንዘቡ ተመለሰ ወይ?» የሚለው አይደለም። «ሻጩ በውሉ ቀን ምን ያውቅ ነበር? ምንስ ደበቀ?» የሚለው ነው። ኢትዮጵያ በ1985 ዓ.ም. የተቀበለችው የሲቪልና የፖለቲካ መብቶች ዓለም አቀፍ ቃል ኪዳንም በውል የገባውን ግዴታ መፈጸም ስላልቻለ ብቻ ሰው እንዳይታሰር ይከለክላል።

ይህ ልዩነት ለእኛ እንግዳ አይደለም። ሸሪዓችን የራስ ያልሆነን መሸጥ ከልክሏል፤ የሰውን መሬት ስንዝር ያህል እንኳ በግፍ መውሰድን በብርቱ አስጠንቅቋል። በሱረቱል በቀራህ ደግሞ የተቸገረ ባለዕዳ እስኪያገኝ ጊዜ እንድንሰጠው ታዘናል። እያለው የሚያዘገይ ግን በዳይ ነው።

ስለዚህ ገዢዎች ሆይ! ዕዳን ወንጀል አስመስላችሁ አትክሰሱ። ሻጮች ሆይ! «ፍትሐ ብሔር ነው» ማለት ከዕዳው አያወጣችሁም። ሽማግሌዎቻችንም ከማስታረቃችሁ በፊት ወረቀቱን አስመርምሩ፤ በሐሰተኛ ካርታ የተፈጸመን ማታለል በእርቅ ብንሸፍነው ነገ ሌላ ቤተሰብ ይወድቅበታል።

አላህ ከሐራም ገንዘብ ይጠብቀን። ወሰላሙ ዐለይኩም ወረሕመቱላሂ ወበረካቱህ።